ፓንተር የሆነው ልጄ ዩኒቨርሲቲ ይቀይር?

የጠያቂያችን ደብዳቤ፣ ባጭሩ፦

«ጤና ይስጥልኝ። የምኖረው ቨርጂኒያ፣ አሌክሳንድሪያ ነው። በዲቪ ስንመጣ ልጄ የሰባት ዓመት ሕፃን ነበር፤ አሁን ሃያ አንድ ሊሞላው ነው። ልጅነቱን ሙሉ እግር ኳስ ሲጫወት ኖሮ አሥረኛ ክፍል ሲደርስ የትምህርት ቤቱ የአሜሪካ ፉትቦል አሰልጣኝ እግሩን አይቶ ወሰደው። ዛሬ በስቴታችን ባለ አንድ መካከለኛ ዩኒቨርሲቲ የሲቪል ምህንድስና የሦስተኛ ዓመት ተማሪ ነው፤ የቡድኑ ፓንተርም (ኳሱን በእግሩ አርቆ የሚለጋው ተጫዋች) ነው። ቡድኑ በኮሌጅ ስፖርት ከፍተኛ ደረጃ፣ በዲቪዥን አንድ፣ ሁለተኛው እርከን፣ ኤፍሲኤስ በሚሉት ውስጥ ነው። የመጀመሪያውን ዓመት ሳይጫወት አሳለፈ፤ ሁለተኛውንና ሦስተኛውን ተጫወተ። ከክፍያው ግማሽ ያህሉን በስኮላርሽፕ ይሸፍኑለታል።

አሁን በግል የሚያሠለጥነው ሰው ‹ስምህን ትራንስፈር ፖርታል ውስጥ ብታስገባ ሌላ ስቴት ያለ ትልቅ ዩኒቨርሲቲ ይወስድሃል፤ መጀመሪያ ያለ ስኮላርሽፕ ትገባለህ፣ በኋላ ይሰጡሃል› ብሎታል። የልጄ ልብ ተነሥቷል። አባቱ ደግሞ ‹በአንድ ጨዋታ አራት ጊዜ ወጥቶ ኳስ ለግቶ የሚመለስ ልጅ ምን ሥራ አለው? ሌሊቱን ሙሉ መኪና የምነዳው ለዚህ ነው?› ብሎ ከተናገረ ወዲህ ሁለቱ አይነጋገሩም። እኔ ጨዋታውን አላውቀውም። ይህ ነገር እንጀራ ይሆነዋል? ይሂድ ወይስ ይቆይ? አባቱንስ ምን ልበለው?»

ውድ እህቴ፣

መልሴን አስቀድሜ ልስጥዎት፤ ምክንያቱን ከዚያ በኋላ በሰፊው እነግርዎታለሁ። ልጅዎ ዘንድሮ ባለበት ይቆይ። አራተኛ ዓመቱን እዚያው ተምሮ፣ እዚያው ተጫውቶ ዲግሪውን ይያዝ። ከዚያ የምትቀረውን አንዲት የጨዋታ ዓመት ይዞ፣ የሁለተኛ ዲግሪ ተማሪ ሆኖ ወደ ትልቅ ዩኒቨርሲቲ ይሻገር። ደብዳቤዎ ውስጥ ያሉት «ይሂድ» እና «ይቆይ» የሚሉ ሁለት መንገዶች ብቻ ናቸው፤ ይህን ሦስተኛውን ማንም የነገራችሁ አይመስለኝም። እዚህ አገር በኮሌጅ የተማሪዎች አማካሪ ሆኜ በሠራሁባቸው ዓመታት ስፖርተኛ ተማሪዎች ዩኒቨርሲቲ ሲቀይሩ የትኛው ወረቀት እንደሚያድናቸው፣ የትኛው እንደሚጥላቸው አይቻለሁ፤ ስለዚህ በድፍረት እናገራለሁ።

ወደዚያ ከመግባቴ በፊት ግን የባለቤትዎ ጥያቄ መልስ ይፈልጋል። «ምን ሥራ አለው?» ማለታቸው ጨዋታውን ከማያውቅ አባት የሚጠበቅ ነው፤ መልስ ሳያገኝ ከቀረ ግን አባትና ልጅን ለዓመታት ሊያራርቅ ይችላል።

በአሜሪካ ፉትቦል አንድ ቡድን ኳሱን አሥር ያርድ ወደፊት ለመግፋት አራት ሙከራ ይሰጠዋል። ያርድ ከሜትር ጥቂት ያነሰ ርቀት ነው፤ ሜዳው ከግብ መስመር እስከ ግብ መስመር መቶ ያርድ ይረዝማል። ቡድኑ በአራቱም ሙከራ ካልተሳካለት ኳሱን እዚያው ባለበት ቦታ ለተጋጣሚው ያስረክባል። ቦታው ለራሱ ግብ የቀረበ ከሆነ ደግሞ ይህ ጎል አቀብሎ እንደመስጠት ነው። ስለዚህ በሦስቱ ካልሆነለት አብዛኛውን ጊዜ አራተኛውን ለፓንተሩ ይተዋል። ፓንተሩ ኳሱን በእጁ ተቀብሎ፣ ለቅቆ፣ መሬት ሳይነካ አርቆ ይለጋዋል፤ ተጋጣሚውም ከሩቅ ይጀምራል። ልጅዎ የሚጠራው እንግዲህ ጓደኞቹ ያቀዱት ሁሉ ሳይሳካ ሲቀር ነው። ጉዳቱን የሚያቀልለው እሱ ነው።

ሥራውን ጠጋ ብለን እንየው። ልጅዎ ኳሱ ካረፈበት መስመር አሥራ አራት ወይም አሥራ አምስት ያርድ ያህል ወደኋላ ርቆ ይቆማል። ሎንግ ስናፐር የሚባለው ተጫዋች አጎንብሶ ኳሱን በእግሮቹ መካከል ወደኋላ ይወረውርለታል፤ አንድ ሰከንድ ሳይሞላ እጁ ይገባል። ኳሱ ክብ አይደለም፤ ሁለት ሹል ጫፍ ያለው ሞላላ ነው። እጁ እንደገባ አዙሮ የተሰፋበትን ወገን ወደላይ ያደርጋል፣ ሁለት ርምጃ ያህል ይራመዳል፣ ይለቀዋል፣ ይመታዋል። ኳሱ ከስናፐሩ እጅ ከወጣበት ቅጽበት እስከሚመታበት ድረስ ያለው ጊዜ ሁለት ሰከንድ ገደማ ነው። ከዚያ ከዘገየ ከፊቱ እየተንደረደረ የሚመጣ ተጫዋች እጁን ዘርግቶ ምቱን ያከሽፍበታል።

ዋናው ጥበብ ያለው በአለቃቀቁ ላይ ነው። ኳሱ ከእጁ ሲወርድ ሳይሽከረከርና ሳይወዛወዝ፣ አፍንጫው ጥቂት ወደውስጥ ዘንበል እንዳለ ጠፍጣፋ ሆኖ መውረድ አለበት። አንድ ጣት እንኳ ብትጎትተው አቅጣጫው ይዞራል፤ እግሩ የፈለገውን ያህል ብርቱ ቢሆን ኳሱ ወደ ጎን ሾልኮ ይወጣል። በእግር ኳስ ያደጉ ልጆች የሚቸገሩት እዚህ ላይ ነው፤ እድሜያቸውን ሙሉ የለመዱት መሬት ላይ ያለ ኳስ ነውና። ልጅዎ ይህን ከአሥረኛ ክፍል በኋላ ጀምሮ ለዲቪዥን አንድ መብቃቱ ብቻውን ቆሞ ኳስ እየለቀቀ፣ እንደገና እያነሣ፣ እንደገና እየለቀቀ ያሳለፋቸው ብዙ ምሽቶች እንዳሉ ይነግረኛል። ደንቡ በጨዋታ ወቅት ቡድኑ ተማሪውን በሳምንት ከ20 ሰዓት በላይ በልምምድ እንዳይዘው ይከለክላል፤ ፓንተር ግን አብዛኛውን የሚሠራው ከዚያ ውጭ፣ ማንም ሳያየው ነው።

ኳሱ ከተመታ በኋላም ነገሩ አላለቀም። አርቆ መምታት ብቻውን ጥሩ ምት አያሰኝም። አየር ላይ አራት ተኩል ሰከንድ ያህል ከቆየ የልጅዎ ጓደኞች ሮጠው ተቀባዩ ፊት ይደርሳሉ፤ እሱም እጁን አውለብልቦ ያለ ሩጫ ለመቀበል ይገደዳል። ኳሱ ረጅም ሆኖ ዝቅ ብሎ ከበረረ ግን ጓደኞቹን ቀድሞ ይደርስና ተቀባዩ ባዶ ሜዳ አግኝቶ ይዞት ይመለሳል። ይህን የምነግርዎት ለሒሳቡ ነው። 50 ያርድ የተለጋ ኳስ 15 ያርድ ተሮጦበት ከተመለሰ ቡድኑ ያገኘው 35 ብቻ ነው። 42 ያርድ ተለግቶ ተቀባዩ ሳይሮጥ ያስቀረው ኳስ ግን 42 ሆኖ ይቀራል። ከተጋጣሚው የግብ መስመር 45 ያርድ ርቆ የተለጋ ኳስ የግቡን መስመር አልፎ ከወጣ ደግሞ ወደ 20 ያርድ መስመር ይመለሳል፤ በወረቀት 45 የተባለው ምት በተግባር 25 ነው ማለት ነው። እንዲህ ተቀናንሶ የሚቀረው ቁጥር ኔት ይባላል። ስለዚህ ልጅዎን «ስንት ያርድ ትለጋለህ?» ብለው አይጠይቁት። «ኔትህ ስንት ነው? ከተጋጣሚው 20 ያርድ መስመር በታች ስንቱን አስቀረህ?» ይበሉት። ትልልቆቹ ዩኒቨርሲቲዎችም የሚያዩት ይህንኑ ነው። እናቱ እንዲህ ብላ ስትጠይቀው ደግሞ ሥራው ቤቱ ውስጥ ቦታ እንዳለው ያውቃል።

አሁን ወደ እንጀራው ልምጣ፤ እዚህ ላይ ልሸነግልዎት አልፈልግም። በዲቪዥን አንድ ብቻ ከ250 በላይ የፉትቦል ቡድኖች አሉ፤ እያንዳንዳቸው ቢያንስ አንድ ፓንተር አላቸው። ከኮሌጅ በላይ ያለው ሊግ፣ ኤንኤፍኤል፣ 32 ቡድኖች አሉት፤ ለእያንዳንዱ ቡድን አንድ ፓንተር ይበቃዋል። አንድ ጊዜ ቦታውን የያዘ ሰው ጤናውና ውጤቱ ካልከዳው አሥር ዓመትና ከዚያ በላይ ሊቆይ ስለሚችል በየዓመቱ የሚከፈተው ቦታ በጣም ጥቂት ነው። ካናዳም ዘጠኝ ቡድኖች ያሉት ሊግ አላት፤ ደመወዙ ግን ከኤንኤፍኤል ጋር አይወዳደርም።

በሩ ጨርሶ ዝግ ነው ማለቴ አይደለም። የኤንኤፍኤል ቡድኖች በየዓመቱ ከኮሌጅ ተጫዋቾችን በዙር በዙር ይመርጣሉ፤ ሬይ ጋይ የተባለው ፓንተር እ.ኤ.አ. በ1973 በመጀመሪያው ዙር በኦክላንድ ሬይደርስ ተመርጦ ነበር፤ በፓንተርነቱ ብቻ ወደ ፉትቦሉ የክብር አዳራሽ የገባ የመጀመሪያው ሰው የሆነው ግን በ2014 ነው። አንድ ሙያ ክብሩን ለማግኘት ያን ያህል ዘመን ፈጀበት። በ2012 ፓንተሩን ጆኒ ሄከርን የመረጠው ቡድን አልነበረም፤ ሳይመረጥ ከራምስ ጋር ፈርሞ በኋላ አራት ጊዜ የሊጉ ምርጥ ቡድን ውስጥ ተካተተ። የአይዋ ዩኒቨርሲቲው ቶሪ ቴይለር በ2023 የውድድር ዘመን 93 ጊዜ ለግቶ 4,479 ያርድ በማስመዝገብ ከ1938 ጀምሮ ሳይነካ የቆየውን ክብረ ወሰን ሰበረ፤ በሚቀጥለው ዓመት የቺካጎ ቤርስ በአራተኛው ዙር ወሰዱት።

ይህ ቴይለር ግን አውስትራሊያዊ መሆኑን ይወቁ፤ የልጅዎን ፉክክር የሚያከብደው አንዱ ነገር ይህ ነው። ሜልበርን ውስጥ ፕሮኪክ አውስትራሊያ የሚባል ማሠልጠኛ ከ2007 ጀምሮ ወጣቶችን ለአሜሪካ ኮሌጆች በፓንተርነት እያዘጋጀ ይልካል። እነዚህ ልጆች በአገራቸው የፉትቦል ዓይነት ከሕፃንነታቸው ጀምሮ ኳስ ከእጃቸው እየለቀቁ የለጉ ናቸው፤ ብዙዎቹ ሲመጡም የሃያ ሁለትና የሃያ ሦስት ዓመት ጎልማሶች ናቸው። በየዓመቱ ለኮሌጁ ምርጥ ፓንተር የሚሰጠውን፣ በዚያው በሬይ ጋይ ስም የተሰየመውን ሽልማት ከ2013 እስከ 2023 ባሉት አሥራ አንድ ዓመታት ስምንት ጊዜ የወሰዱት አውስትራሊያውያን ናቸው። ትልቁ ዩኒቨርሲቲ ልጅዎን ያለ ስኮላርሽፕ ከወሰደ በኋላ በሚቀጥለው ዓመት ከሜልበርን ሌላ ሰው በሙሉ ስኮላርሽፕ ሊያስመጣ ይችላል። የሚያግደው የለም።

ስለዚህ «እንጀራ ይሆነዋል?» ላሉት፣ እንጀራው የምህንድስናው ዲግሪ ነው። ፓንተርነቱ ደግሞ የዲግሪውን ዋጋ በግማሽ የሚከፍልለት ሥራ ነው፤ ዛሬውኑ እየከፈለ ያለ ሥራ። ባለቤትዎ ይህን እንዲያዩልኝ እፈልጋለሁ። እሳቸው ሌሊት ነድተው የሚያመጡት ገንዘብ ያልሸፈነውን ግማሽ ልጁ በእግሩ እየሸፈነ ነው። አባትየው «ሥራ የለውም» የሚሉት ልጅ ለሁለት ዓመታት የቤቱን ሸክም ተካፍሎ ኖሯል።

የዝውውሩን ነገር ስንመረምር ይህ ግማሽ ክፍያ ነው መጀመሪያ አደጋ ላይ የሚወድቀው። ትራንስፈር ፖርታል ከ2018 ጀምሮ የሚሠራ መዝገብ ነው፤ ዩኒቨርሲቲ መቀየር የሚፈልግ ስፖርተኛ በተወሰኑት ቀናት ውስጥ ስሙን ያስገባል፣ ከዚያ ሌሎች ዩኒቨርሲቲዎች ያነጋግሩታል። ከ2024 ጀምሮ ትምህርቱ የተስተካከለ ተማሪ ከአንድ ጊዜ በላይ ቢዛወርም ወዲያው መጫወት ይችላል። ሁሉም ነገር ቀላል ይመስላል። ነገር ግን ስሙ እንደገባ አሁን ያለበት ዩኒቨርሲቲ ከሴሚስተሩ ማብቂያ በኋላ ስኮላርሽፑን የማቋረጥ መብት ያገኛል። ቦታውንም ጠብቆ የማቆየት ግዴታ የለበትም። የሚወስደው ካጣ ወይም የወሰደው ሐሳቡን ከቀየረ «ተመልሻለሁ» ማለት ላይሠራ ይችላል።

የግል አሠልጣኙ ንግግር ደግሞ በጣም አሳስቦኛል። «ይወስድሃል» ያለው ማን ነው? ደንቡ ተማሪው ስሙን ፖርታል ውስጥ ሳያስገባ ሌላ ዩኒቨርሲቲ በቀጥታም ሆነ በሰው በኩል እንዳያነጋግረው ይከለክላል። ስለዚህ ወይ አሠልጣኙ የራሱን ግምት እንደ ቃል ኪዳን አቅርቦታል፣ ወይ ደግሞ ያ ዩኒቨርሲቲ ደንብ ጥሶ በስውር ልኮታል። በሁለቱም መንገድ ቃሉን የሚያስከብርለት ወረቀት የለም። ሰውየውን ክፉ ነው አልልም፤ ልጁ ትልቅ ስታዲየም ውስጥ ሲጫወት ለማየት ጓጉቶ ይሆናል። ትልቅ ዩኒቨርሲቲ የገባ ተማሪ ለእሱም ማስታወቂያ እንደሚሆንለት ግን አይርሱ።

«ያለ ስኮላርሽፕ ትገባለህ፣ በኋላ ይሰጡሃል» የሚለውንም እንመልከት። እንዲህ ያለው ተጫዋች ዎክ-ኦን ይባላል። ከሌሎቹ እኩል ይለማመዳል፣ እኩል ይነሣል፣ እኩል ይደክማል፤ ክፍያውን ግን ቤተሰቡ ይከፍላል። ከዎክ-ኦን ተነሥተው ስኮላርሽፕ ያገኙ ልጆች አሉ፤ ቡድኑ በተሰበሰበበት ሲነገራቸው የሚያለቅሱባቸውን ቪዲዮዎች ልጅዎ አይቶ ይሆናል። ሳያገኙ የቀሩትን ግን ማንም አይቀርጽም። ከ2025 ወዲህ ደግሞ መንገዱ ጠብቧል። በዚያ ዓመት በፍርድ ቤት በጸደቀው ስምምነት መሠረት ዩኒቨርሲቲዎች ለተጫዋቾች በቀጥታ እንዲከፍሉ ተፈቀደላቸው፤ በምላሹ ስምምነቱን የተቀበለ ዩኒቨርሲቲ በፉትቦል ቡድኑ ከ105 ተጫዋች በላይ እንዳይዝ ተወሰነ። ቀድሞ ዎክ-ኦኖችን ያለ ገደብ ይዘው የሚቆዩ ትልልቅ ቡድኖች አሁን ቁጥር ሲበዛባቸው የሚቀንሱት ስኮላርሽፕ የሌለውን ነው።

በዚህ ላይ ሌላ ስቴት ነው ብለውኛል። ዛሬ ልጅዎ የሚከፍለው የቨርጂኒያ ነዋሪ ዋጋ ነው። የሌላ ስቴት የመንግሥት ዩኒቨርሲቲ ከውጭ ለመጣ ተማሪ የሚያስከፍለው ከዚያ እጅግ የላቀ ነው። ግማሹን ስኮላርሽፕ አጥቶ፣ የነዋሪነቱንም ቅናሽ አጥቶ የሚመጣው ሒሳብ በማን ትከሻ ላይ እንደሚያርፍ እርስዎም እኔም እናውቃለን።

ከገንዘቡ ይልቅ የሚያስፈራኝ ግን ክሬዲቱ ነው። ኤንሲኤኤ፣ የኮሌጅ ስፖርት የበላይ አካል፣ በዲቪዥን አንድ የሚጫወት ተማሪ ሦስተኛ ዓመቱን ሲጀምር የዲግሪውን 40 በመቶ፣ አራተኛውን ሲጀምር 60 በመቶ፣ አምስተኛውን ሲጀምር 80 በመቶ ጨርሶ እንዲገኝ ያስገድዳል። ይህ የሚቆጠረው በተማረው ብዛት ሳይሆን አዲሱ ዩኒቨርሲቲ ለዚያው ዲግሪ በተቀበለለት ክሬዲት ነው። ምህንድስና ላይ ደግሞ ዩኒቨርሲቲዎች ቆጣቢ ናቸው። ሒሳቡንና ፊዚክሱን ይቀበላሉ፤ የሦስተኛ ዓመቱን የአፈር ሜካኒክስና የመዋቅር ትንተና ግን «እኛ ዘንድ ድገመው» ሊሉ ይችላሉ። እንዲህ ሆኖ ከ60 በመቶ በታች የወረደ ልጅ መጫወት ይከለከላል፤ ወይም ለመጫወት ሲል ምህንድስናውን ትቶ ክሬዲቱን ወደሚቀበሉት ቀለል ያለ የትምህርት ዘርፍ ይዛወራል። እኔ ወንበሬ ፊት ለፊት ተቀምጠው ይህን ምርጫ ያደረጉ ልጆች አጋጥመውኛል። የሚያሳዝነው ሲመርጡ መምረጣቸውን አለማወቃቸው ነው፤ ለአንድ ሴሚስተር ብቻ መስሏቸው ነው።

አሁን የእኔን ሦስተኛ መንገድ ከዚህ ሁሉ ጋር ያስተያዩት። ተማሪው በአምስት ዓመት ውስጥ አራት የጨዋታ ዓመት ይፈቀድለታል። ልጅዎ የመጀመሪያውን ስላልተጫወተበት ሁለት ዓመት ይቀረዋል። አራተኛውን እዚያው ቢጫወት በግማሽ ስኮላርሽፑ እየተማረ ይመረቃል፤ ሌላ ሙሉ የጨዋታ ዘመን የሚታይ ቪዲዮና ቁጥርም ይጨምራል። ከዚያ ዲግሪውን የያዘ ተማሪ ሆኖ ፖርታል ሲገባ ያ የመቶኛ ሒሳብ አያሰጋውም፤ የመጀመሪያ ዲግሪውን ጨርሷልና። የሚጠበቅበት ለሁለተኛ ዲግሪ ተቀባይነት ማግኘት ብቻ ነው። አሰልጣኞችም የጎለመሰ፣ ለአንድ ዓመት መጥቶ ወዲያው የሚሠራ ፓንተር ይፈልጋሉ። ያኔም ቢሆን ያለ ስኮላርሽፕ እንዳይሄድ፤ ከሄደ ሁለተኛ ዲግሪው ተከፍሎለት ይሁን። ምህንድስናው በአራት ዓመት የማያልቅ ከሆነ በበጋ (በሰመር) የሚወስዳቸውን ኮርሶች ከአማካሪው ጋር ከአሁኑ ያስሉት።

ዘንድሮ ይሂድ የምልበት አንድ ሁኔታ ብቻ አለ፤ ሙሉ ስኮላርሽፕ በጽሑፍ፣ የምህንድስና ክፍሉም ክሬዲቶቹን አንድ በአንድ እየዘረዘረ መቀበሉን በጽሑፍ ከሰጠው። ሁለቱም ከተገኙ እኔም ዕቃውን አሽጎ ይሂድ እላለሁ።

ስለ ክፉ ቀንም አንድ ነገር ልበልዎት፤ ከዚህ በላይ ያለው ሁሉ ተስተካክሎ እንኳ ይህ አይቀርምና። እ.ኤ.አ. ጥቅምት 17 ቀን 2015 ሚሺጋን ከሚሺጋን ስቴት ጋር ሲጫወት 23 ለ 21 እየመራ አሥር ሰከንድ ቀርቶት ነበር። ፓንተሩ ብሌክ ኦኒል፣ እሱም አውስትራሊያዊ፣ ከዌበር ስቴት የተዛወረ የድኅረ ምረቃ ተማሪ፣ ኳሱን መልጋት ብቻ ነበር የሚጠበቅበት። የተወረወረለት ኳስ ዝቅ ብሎ መጣ፤ አመለጠው፤ ሊያነሣው ሲሞክር ተጋጣሚዎቹ ነጠቁትና ሮጠው አገቡ። 27 ለ 23 ተሸነፉ። በዚያው ጨዋታ 80 ያርድ የበረረ ኳስ ለግቶ እንደነበር ያስታወሰ ሰው ጥቂት ነው። በማኅበራዊ መገናኛ የግድያ ዛቻ ሳይቀር ጎረፈበትና የዩኒቨርሲቲው የስፖርት ዳይሬክተር ሕዝቡ ለልጁ አክብሮት እንዲያሳይ በይፋ እስከ መማጸን ደረሱ።

ልጅዎም እንዲህ ያለ ቀን፣ ቢያንስ ከዚህ ያነሰ ክፉ ቀን ያጋጥመዋል። ሌላው ተጫዋች ሲሳሳት በሚቀጥለው ደቂቃ ሊያርመው ይችላል፤ ፓንተር ግን ሜዳ ላይ እስኪጠራ አንድ ሰዓት ቁጭ ብሎ ሊጠብቅ ይችላል። በዚያ ቀን ስልክ ሲደውሉለት ምግብ መብላቱን ይጠይቁት፤ ስለ ኳሱ ራሱ እስኪያነሣ ይተዉት። አባቱ በዚያ ቀን «ነግሬህ ነበር» የሚል ቃል ከአፋቸው እንዳይወጣ አደራ። ያ ቃል አንዴ ከተባለ በኋላ ሽማግሌ የሚያነሣው አይደለም።

ወደ ባለቤትዎ ልመለስ። እሳቸውን ስለ ፉትቦል ለማሳመን አይሞክሩ፤ እርስዎ በመካከል ሆነው መልእክት ማመላለሱንም ያቁሙ። ልጁ ራሱ ይምጣ። ሲመጣ ግን ስለ ጨዋታ የሚናገርበትን ቪዲዮ ሳይሆን ሁለት ወረቀት ይዞ ይምጣ። አንደኛው ዲግሪ ኦዲት የሚባለው፣ ስንት ክሬዲት እንደጨረሰና ስንት እንደቀረው የሚያሳየው ዝርዝር ነው። ሁለተኛው የዘንድሮ የክፍያ ደረሰኝ፣ ስኮላርሽፑ የሸፈነውን መጠን የሚያሳየው። አባቱ ፊት ዘርግቶ፣ «አባዬ፣ እስካሁን እዚህ ደርሻለሁ፤ የቀረኝ ይህ ነው፤ ከእርስዎ ላይ ያነሣሁት ይህን ያህል ነው» ይበል። ስለ ዝውውሩ የሚነጋገሩት ከዚያ በኋላ ነው። እኔ እንደማስበው ባለቤትዎ ኳስ ጠልተው አይደለም፤ ልጃቸው የሄዱለትን መንገድ ሁሉ በአንድ ሰው ምክር እንዳይጥለው ፈርተው ነው። ፍርሃታቸውም ከላይ እንዳየነው መሠረት የሌለው አይደለም፤ ይህንንም እርስዎ ይንገሯቸው፤ ትክክል የሆኑበትን ሲሰሙ ያልሆኑበትን ለመስማት ይቀላቸዋል።

ልጁ ከዚያ በኋላም ዘንድሮ ካልሄድኩ ካለ መብቱ ነው፤ አዋቂ ነው። ስሙን ፖርታል ውስጥ ከማስገባቱ በፊት ግን በዩኒቨርሲቲው የስፖርት ክፍል ያለውን፣ ኮምፕላያንስ የሚባለውን የደንብ ቢሮ ሄዶ «ስሜን ባስገባ ስኮላርሽፔ መቼ ያበቃል?» ብሎ ይጠይቅና መልሱን በኢሜይል ያስልክ። ስሙ ከገባ በኋላ ደግሞ ለማንም እሺ ከማለቱ በፊት ትራንስክሪፕቱን ለአዲሱ ዩኒቨርሲቲ የሲቪል ምህንድስና ክፍል ይላክ፤ የሚቀበሉትን ኮርስ በዝርዝር እስኪጽፉለት ድረስ ምንም አይፈርም። አሰልጣኙ «እሱ ችግር የለውም» ካለው እሱንም በጽሑፍ ይላክልኝ ይበል።